የሰፈራችንን ድምፅ ያስቀመጡልን የእትዬ ዝምበሉ የሕይወት ታሪክ

የእትዬ ዝምበሉ ልደት ሁለት ዓይነት ይነገራል። ታላቅ እህታቸው ያኔ የስምንት ዓመት ልጅ ሆነው በሩ ሥር ቆመው ነበርና እንዲህ ይላሉ፦ ሕፃኗ ስትወለድ አባታቸው ከግድግዳው ማዶ ጣውላ እየሰነጠቁ ነበር፤ ሴት ልጅ መወለዷ ተነግሯቸው መጋዙን ሲያቆሙ አለቀሰች፤ መጋዙ ሲቀጥል ዝም አለች። አባታቸው ግን በሕይወት ሳሉ የሚናገሩት የዚህን ተቃራኒ ነበር። እንደ እርሳቸው አባባል ልጅቱ የምታለቅሰው መጋዝ በሰማች ቁጥር ስለነበር ሦስት ቀን ሙሉ ሥራ ፈትተው ተቀምጠዋል፤ የአንድ ደንበኛ ቁም ሣጥን በቀጠሮው ሳይደርስ የቀረውም በዚሁ ነው። ታላቅ እህታቸው ይህ ሲነሳ፣ አባታችን ለዘገየ ቁም ሣጥን ሰበብ አጥተው አያውቁም ይላሉ። ሁለቱም ወገን እማኝ ስላለው ሁለቱም እዚህ ተመዝግቧል። የማያከራክረው፣ እትዬ መጋቢት 9 ቀን 1941 ዓ.ም. ከአናጢ አባታቸውና ከልብስ ሰፊ እናታቸው፣ ከእንጨት ሥራው ጀርባ በነበረችው ባለ ሁለት ክፍል ቤት መወለዳቸው ነው።

ከ1948 እስከ 1958 ዓ.ም. ትምህርታቸውን ተከታትለዋል። በቃል ጽሕፈት የሚቀድማቸው አልነበረም፤ በሒሳብ ደግሞ እርሳቸው የሚቀድሙት አልነበረም። አብረዋቸው የተማሩ እስከ ዛሬ የሚያስታውሱላቸው ግን ሌላ ውለታ ነው። እትዬ ከኋላ ወንበር ተቀምጠው፣ በኮሪደሩ የሚመጣው መምህር ማን እንደሆነ በጫማው ድምፅ ያውቁ ነበር። የሒሳብ አስተማሪው የአንድ ጫማቸው ተረከዝ ሚስማሩ የወጣ ነበር። ርእሰ መምህሩ ከደረጃው በፊት አንዴ ቆም ብለው ይተነፍሱ ነበር። እትዬ ጠረጴዛውን ሁለት ጊዜ ኳ ኳ ካደረጉ፣ ክፍሉ በሙሉ ወዲያውኑ ጨዋ ይሆናል።

በ1959 ዓ.ም. በስልክ ማዞሪያ ክፍል በኦፕሬተርነት ተቀጠሩ። ሠላሳ ሴቶች በአንድ ረጅም ክፍል ጎን ለጎን ተቀምጠው፣ ገመድ እየነቀሉ ገመድ እየሰኩ ሰውን ከሰው የሚያገናኙበት ሥራ ነበር። ደንቡ ጥብቅ ነው፤ መስመሩ ከተገናኘ በኋላ የሰው ወሬ አይሰማም። እትዬ ግን ማዳመጫውን ከጆሯቸው ለማውረድ ይዘገዩ ነበር። ተቆጣጣሪዋ ጠርተው ሲቆጧቸው፣ የሰው ወሬ እንደማይሰሙ፣ የሚሰሙት ከወሬው ኋላ ያለውን እንደሆነ አስረዱ። ተቆጣጣሪዋ አላመኗቸውም። እትዬም በመስመር ላይ የነበሩትን ደንበኞች አንድ በአንድ ቆጠሩላቸው፦ አንደኛው ከወፍጮ ቤት አጠገብ ነው፤ ሁለተኛዋ በጠርሙስ የተሞላ መደርደሪያ ያለበት ክፍል ናት፤ መድኃኒት ቤት ሳይሆን አይቀርም፤ ሦስተኛው ለሚስቱ ቢሮ ነኝ እያለ ነው፤ ነገር ግን ቢሮው ውስጥ የቢሊያርድ ድንጋይ እየተጋጨ ነው። ተቆጣጣሪዋ ከሦስተኛው በኋላ ሳቃቸውን መያዝ አቅቷቸው ወደ ቦታሽ ተመለሺ አሏቸው። እትዬ ወሬ መጋረጃ ነው የሚለውን አሳባቸውን ያገኙት ከዚያ ክፍል ነው። ሰው ሲናገር የቦታው ድምፅ ይሸፈናል ብለው አመኑ፤ ይህም እምነት ለአርባ ዓመት ያህል አብሯቸው ኖረ።

ባለቤታቸውንም ያገኙት በዚያው ገመድ ነው። ፀጉር አስተካካዩ ባለቤታቸው ወሬያቸው የማያልቅ፣ ጨዋታ አዋቂ ሰው ነበሩ። አንድ ቀን ከፀጉር ቤታቸው ለወንድማቸው ሊደውሉ ሲሉ፣ መስመሩ እስኪገናኝ ለኦፕሬተሯ ጨዋታ ጀመሩላት፤ መስመሩ ሲገናኝ ወንድማቸውን ትንሽ ቆይ አሉት። ወንድማቸው ያን ቀን ለምን እንደተፈለጉ ሳያውቁ ነው የኖሩት። ጥቅምት 1963 ዓ.ም. ተጋቡ። በ1965 ዓ.ም. ሴት ልጅ፣ በ1969 ዓ.ም. ወንድ ልጅ ወለዱ። ቤታቸው ከፀጉር ቤቱ ኋላ ነበር፤ ከጓዳ ወጥቶ በጠባብ መተላለፊያ ሲታለፍ ሁለት ወንበር፣ ጥጉ የተሰነጠቀ መስተዋትና ደንበኛ የሚጠብቅበት ረጅም አግዳሚ ይገኛል።

በ1966 ዓ.ም. ባለቤታቸው ለደንበኛ ዘፈን ማሰሚያ ብለው ባለ ካሴት መቅጃ ገዙ። መቅጃው ፀጉር ቤቱ ውስጥ የቆየው ስድስት ቀን ብቻ ነው። በሰባተኛው ቀን እትዬ ታቅፈውት ወጡ፤ በመንገዱ ጫፍ ባለው የልብስ ማጠቢያ ቤት ደጃፍ ቁጭ አሉ፤ የእንፋሎቱን ፉጨት፣ የእርጥብ አንሶላውን ጥፊ፣ የብረት ባልዲውን መንኳኳት ቀዱ። የመጀመሪያው ካሴት ይኸው ነው።

የአሠራራቸውን ነገር ማንሳት ተገቢ ነው፤ ቅጽል ስማቸውም የወጣው ከዚህ ነውና። አንድ ቦታ ሲሄዱ መቅጃውን አስቀምጠው፣ ሰው እርሳቸውን ማየት እስኪሰለቸው ግማሽ ሰዓት ያህል ዝም ብለው ይቀመጣሉ። ከዚያ መዳፋቸውን ከፍ አድርገው «ዝም በሉ» ይላሉ፤ ሰውም ዝም ብሎ ሥራውን ይቀጥላል። ድንገት አንድ ሰው ከተናገረ ቴፑን ወደ ኋላ መልሰው፣ በላዩ ላይ ከመጀመሪያው ይቀዳሉ። የሰው ንግግር ሳይገባበት ያለቀ ካሴት በቀይ ብዕር ቁጥር ይጻፍበታል፤ ቁጥር ያልተጻፈበት ካሴት እንዳልተቀዳ ይቆጠራል፤ ይጠፋል። በዚህ ዓይነት ማተሚያ ቤቱን፣ የአውቶቡስ መነኻሪያውን ማለዳ፣ የፈተና ቀን የትምህርት ቤቱን ኮሪደር፣ የፍርድ ቤቱን የእንጨት ደረጃ፣ በቆርቆሮና በሸክላ ጣሪያ ላይ የሚወርደውን ዝናብ ለየብቻ ቀዱ። አንድ ጊዜ መነኻሪያው ውስጥ ሙሉ ጠዋት ሕዝቡን ዝም አሰኝተው ካበቁ በኋላ፣ መቅጃው ካሴት እንዳልገባበት ተገነዘቡ። ይህንን ለማንም እንዳይናገሩ ባለቤታቸውን አስምለዋቸው ነበር፤ ባለቤታቸውም በማግስቱ ለመላው ፀጉር ቤት ተናገሩ።

ሰፈሩ እትዬ ዝምበሉ አላቸው። እርሳቸውም ስሙን ወደዱት፤ ስልክ ሲያነሱ እንኳ ዝምበሉ ነኝ ይሉ ነበር።

ከባለቤታቸው ፀጉር ቤት ዘጠኝ ካሴት ቀድተዋል። በዚያ ሰዓት የነበሩ ደንበኞች ዛሬም እየሳቁ ያወሩታል። ባለቤታቸው አንድ ሌባ በሌሊት እንዴት ቤታቸው እንደገባ እየተረኩ፣ ልክ ሌባው እግሩን በመስኮት ሲያስገባ፣ መተላለፊያው ላይ የእትዬ መዳፍ ብቅ ይላል። ወሬው እዚያው ይቆማል፤ መቀሱ ብቻ ይቀጥላል። ፊቱ በግማሽ ሳሙና የተለቀለቀ ሰው ሌባው በመስኮት ተንጠልጥሎ እንደቀረ ሃያ ደቂቃ ይቀመጣል። አንድ ደንበኛ መጨረሻውን ለመስማት ብቻ በማግስቱ ተመልሶ መጥቷል፤ የሚቆረጥ ፀጉር አልነበረውም። ባለቤታቸው በዚህ ተቀይመው አያውቁም። ሰው ሲጠይቃቸው፣ እኔ ቀኑን ሙሉ አወራለሁ፣ እሷ ቀኑን ሙሉ ታዳምጣለች፣ ከዚህ የተሻለ ጋብቻ የት አለ ይሉ ነበር።

በ1979 ዓ.ም. የስልክ ማዞሪያው ክፍል ተዘግቶ ሥራው በመሣሪያ ተተካ። እትዬ የመጨረሻውን አንድ ሰዓት ቀዱት። ባልደረቦቻቸው እንባቸውን ቢያፈሱም ድምፅ አላሰሙም፤ መዳፉ ተነስቶ ነበርና። በዚያ ካሴት የሚሰማው የሠላሳ ገመድ መሰካትና መነቀል ነው፤ ከዚያ የሃያ፣ ከዚያ የአምስት፣ በመጨረሻ የአንድ። ዛሬ ያ ክፍል የዕቃ መጋዘን ነው። ማተሚያ ቤቱም የእርሳስ ፊደሉን ጥሎ ወደ ኮምፒውተር ከዞረ ቆይቷል፤ የልብስ ማጠቢያው ቤት ባለበት ባንክ ቆሟል። እነዚህ ቦታዎች እንዴት ይሰሙ እንደነበር የሚያስታውሰን እትዬ የተዉልን ብቻ ነው።

ከዚያ በኋላ እስከ ጡረታቸው፣ እስከ 1996 ዓ.ም.፣ በዚያው መሥሪያ ቤት በመረጃ ክፍል አገልግለዋል። በ1990 ዓ.ም. አንድ የሥዕል መምህር ስለ ካሴቶቹ ሰምተው፣ ይህ ራሱ ኪነ ጥበብ ነው በማለት በትምህርት ቤታቸው አዳራሽ የድምፅ ዐውደ ርእይ አዘጋጁላቸው። መስኮቱ ተጋርዶ፣ ወንበር ተደርድሮ፣ ሰው ዓይኑን ጨፍኖ አዳመጠ። የማተሚያ ቤቱ ካሴት ሲሰማ አንድ ጡረተኛ የማተሚያ ሠራተኛ ከወንበራቸው ተነስተው፣ ሦስተኛዋ ማሽን ዘይት ፈልጋለች አሉ። አዳራሹ ሳቀ፤ ሰውየው ግን እንባቸው እየወረደ ነበር። እትዬ በሕይወታቸው ስለ ሥራቸው የተነገረው ትልቁ ምስጋና ይህ እንደሆነ ይናገሩ ነበር።

ጥር 17 ቀን 2001 ዓ.ም. ባለቤታቸው በድንገት አረፉ። ከአርባው ቀን በኋላ እትዬ የባለቤታቸውን ድምፅ መስማት ፈለጉ፤ ካሴቶቹንም አንድ በአንድ ማዳመጥ ጀመሩ። በዚያን ጊዜ ሦስት መቶ አርባ ካሴት ነበራቸው። ለሰባት ወር በየቀኑ ከቁርስ በኋላ ማዳመጫቸውን አድርገው ይቀመጡ ነበር። መቀሳቸውን አገኙ፤ ምላጩን በቆዳው ቀበቶ ላይ ሲያሾሉ አገኙ፤ ነጠላ ጫማቸው መተላለፊያውን ሲያልፍ፣ የወንበሩ እግር ሲያቃስት አገኙ። ያን ሁሉ ዘመን ሲያወሩ የኖሩ ሰው ግን በሦስት መቶ አርባ ካሴት ውስጥ አንድ ቃል አልነበራቸውም። በካሴት ቁጥር 118 መጨረሻ ላይ ብቻ መቀሱ ያቆማል፤ አንድ ሰው አየር ወደ ውስጥ ይስባል፤ ወሬ ሊጀምር ያለ ሰው የሚስበው ረጅም ትንፋሽ ነው። ከዚያ ቀጭ ይላል። መቅጃውን ያጠፉት ራሳቸው እትዬ ነበሩ።

ያቺን ትንፋሽ ስንት ጊዜ እንዳዳመጧት የሚያውቅ የለም። በኋላ ግን መቅጃውን አንስተው ወጡ፤ ወደ ባለቤታቸው የድሮ ደንበኞች ቤት እየሄዱ፣ እርሱ የነገራችሁን ንገሩኝ ይሉ ጀመር። የሌባውን ታሪክ ብቻ ሰባት ሰው ተረከላቸው። በአንዱ ሌባው በመስኮት ገባ፣ በሌላው በጣሪያ፤ አንዱ ዘንድ ሌባው የገዛ አጎታቸው ሆኖ ተገኘ፤ አንዱ ዘንድ ደግሞ ጨርሶ አልገባም። እትዬ ሰባቱንም ቁጥር ጻፉባቸው። ከዚያ በኋላ የቀዷቸው ካሴቶች በሙሉ ሰው ያለባቸው ናቸው፦ የዳቦ ቤት ወረፋ ሲጨቃጨቅ፣ መካኒኮች ሲሰዳደቡ፣ ሴቶች ደረጃ ላይ ተቀምጠው ሲያሙ። መጀመሪያ ላይ የቆየው ልማድ አስቸግሯቸው ነበር፤ ሰው መናገር ሲጀምር እጃቸው በራሱ ይነሳል። ስለዚህ መዳፋቸውን ከጭናቸው ሥር አድርገው ይቀመጡበት ነበር።

መምህርት ልጃቸው ግን ካሴት አዳምጠው አያውቁም፤ ማጫወቻው ሲከፈት ከክፍሉ ይወጡ ነበር። የመጀመሪያ ደረጃ ትምህርት ቤት አስተማሪ ናቸው፤ ሲያስተምሩ ድምፃቸው ሦስት ክፍል ያልፋል፤ ባልደረቦቻቸው በዚህ ይቀልዱባቸዋል። እናታቸው በ2014 ዓ.ም. በኩላሊት ሕመም ሲዳከሙ፣ ልብሳቸውን በሁለት ሻንጣ ይዘው ወደ እናታቸው ቤት የተመለሱትና እስከ መጨረሻዋ ቀን ያስታመሟቸው ግን እርሳቸው ናቸው።

ታኅሣሥ 2015 ዓ.ም. አንድ ከሰዓት በኋላ፣ መምህርት ልጃቸው ሾርባ ይዘው ሲገቡ እናታቸው መቅጃውን አልጋው ላይ ከፍተው አገኟቸው። እትዬ ልጃቸውን ጠጋ ብለሽ ተናገሪ አሏቸው። የዚያን ጊዜ ልጃቸው ሾርባውን አስቀምጠው የተናገሩት እንዲህ የሚል ነበር።

«ሰባት ዓመቴ ሳለ ዝናቡን ስትቀጂ ደስ ብሎኝ ዘፈንኩ። ዝም በይ አልሽኝ፤ ቴፑን መለስሽና አጠፋሽኝ። አባዬንም እንደዚሁ አጠፋሽው። አሁን ስትታመሚ ነው ድምፃችን የናፈቀሽ?»

በካሴቱ ላይ የግድግዳው ሰዓት ይሰማል፤ ከውጭ አንድ ጋሪ ያልፋል። ከዚያ የእትዬ ድምፅ ይሰማል።

«እውነትሽን ነው። ቁጥር ጻፊበት።»

ቁጥሩን የጻፉት መምህርት ልጃቸው ናቸው፤ 412። እትዬ ከዚያ በኋላ አልቀዱም። መቅጃው ከቁም ሣጥኑ ላይ ተቀመጠ፤ እናትና ልጅም ለአንድ ዓመት ተኩል ማንም ያልቀዳው ብዙ ጨዋታ ተጫወቱ። ጎረቤቶች እንደሚመሰክሩት፣ ከዚያ ክፍል የሚወጣው ሳቅ ሕመምተኛ ያለበት ቤት አያስመስለውም ነበር።

በዚያው ዓመት የድምፅ ቤተ መዛግብት ኃላፊ መጥተው ሁለት ሳምንት ካዳመጡ በኋላ፣ አራት መቶ አሥራ ሁለቱንም ካሴት ተረክበው ማንም ሰው መጥቶ እንዲያዳምጣቸው ለማድረግ ጠየቁ። ቤተሰቡ የግል ጉዳዬ ነው የሚለው ካለ ከመረከቡ በፊት ተቆርጦ እንዲወጣ ፈቀዱ። በዚህ ላይ ቤተሰቡ አልተስማማም። የእትዬ ታላቅ እህት፣ የቤት ገመና አደባባይ አይወጣም፤ የመጨረሻው ካሴት ይቅር አሉ። የመኪና ኤሌክትሪክ ሠራተኛው ወንድ ልጃቸው፣ እማዬ ቁጥር ያስጻፈችበትን እኛ የመቁረጥ መብት የለንም አሉ። ሁለቱም የተናገሩት ለእትዬ ክብር ብለው መሆኑን ማንም አይስተውም። እትዬ ሲጠየቁ፣ ድምፁ የእርሷ ነውና እርሷ ትወስን፣ አትጨቅጭቋት ብለው ዘጉት። መምህርት ልጃቸውም እስከ ትናንት ድረስ መልስ አልሰጡም ነበር። ርክክቡ የሚፈጸመው የፊታችን ሐምሌ 1 ቀን ነው።

እትዬ ዝምበሉ በሕክምና ሲረዱ ቆይተው፣ ሰኔ 4 ቀን 2016 ዓ.ም. ማለዳ፣ ልጆቻቸው እጃቸውን እንደያዙ፣ በተወለዱ በሰባ አምስት ዓመታቸው ከዚህ ዓለም በሞት ተለይተዋል። አንድ ታላቅ እህት፣ አንድ ሴትና አንድ ወንድ ልጅ፣ አምስት የልጅ ልጆችና አንዲት የልጅ ልጅ ልጅ ትተዋል። ከማዞሪያው ክፍል ሠላሳ ሴቶች መካከል በሕይወት ያሉት አራቱ ዛሬ ከመካከላችን አሉ።

የሰውን ሥራና የሰውን ቤት ሳይንቁ ያዳመጡትን እናታችንን፣ ፈጣሪ ጸሎታቸውን አዳምጦ ነፍሳቸውን በዕረፍት ቦታ ያኑርልን፤ ለእኛም መጽናናቱን ይስጠን።

ይህ ጽሑፍ ትናንት ከሰዓት በኋላ፣ ከመታተሙ በፊት፣ ቤተሰቡ በተሰበሰበበት ተነብቧል። ሾርባው ያለበት ቦታ ሲደረስ ያነቡ የነበሩት ወንድ ልጃቸው ቆም አሉ፤ የእትዬ ታላቅ እህትም ይህስ ይለፍ አሉ። መምህርት ልጃቸው ያን ጊዜ ከመስኮቱ አጠገብ ተነስተው፣ ክፍል በሚያስተምሩበት ድምፅ ተናገሩ።

«አይታለፍም፤ ነገም ሰው ፊት ይነበብ። ካሴቱም ከነጩኸቴ ይሂድ። እማ አንዴ አጥፍታኛለች፤ አንዴ ደግሞ አስቀምጣኛለች። እሷ ያስቀመጠችውን እኔ አላጠፋም።»